የዓርብና የእሑድ በሬዎች

ትናንት ከሰዓት በኋላ መብራት ጠፋ። ሸዋ ሮቢት ላይ መብራት ሲጠፋ ቬንትሌተሩ ይቆማል፤ ቬንትሌተሩ ከቆመ ደግሞ ቤት ውስጥ መቀመጥ አይታሰብም። ወንበሬን አወጣሁና የኒሟ ዛፍ ጥላ ሥር ተቀመጥኩ። የጎረቤቴ ልጅ ሀያትም ሙቀቱ አባሯት መጣች። ሕክምና ነው የምትማረው፤ አሁን ለእረፍት እናቷ ቤት ናት። ጡረታ ከመውጣቴ በፊት ለነርሶች አናቶሚ አስተምር እንደነበር ስለምታውቅ፣ ያልገባት ነገር ሲኖር ስልኳን ይዛ ብቅ ትላለች። እውነቱን ለመናገር፣ ያልገባት ነገር እንዲበዛ የምመኝበት ቀን አለ።

«እትዬ አስካለ፣ ይቺ አዚጎስ የምትባለዋ ደም መልስ ለምን እንደዚህ ተባለች? ወላሂ ስሙ አልያዝ አለኝ» አለችኝ።

ሰው ጡረታ ይወጣል እንጂ አስተማሪነት ጡረታ አይወጣም። ወዲያው ጀርባዬን አቀናሁ። አዚጎስ ደረት ውስጥ፣ ከአከርካሪው በስተቀኝ ሽቅብ የምትወጣ ደም መልስ ናት። ሰውነታችን ጥንድ ይወዳል፤ ዓይኑም፣ ኩላሊቱም፣ ሳንባውም ሁለት ሁለት ነው። እሷ ግን በግራ በኩል እኩያ የላትም። ቃሉ ከግሪክ የመጣ ነው፤ ቀንበር ያልተጠመደ ማለት ነው። ለሷ ብቻ የወጣ ስምም አይደለም። በድሮ መጻሕፍት የእንጥል ጡንቻ እንደዚሁ ይባል ነበር፤ የእንስሳት ሊቃውንትም የዓሣን የጀርባ ክንፍ ጥንድ ስለሌለው በዚሁ ቃል ይጠሩታል። ዛይጎት የምንለው፣ የእናትና የአባት ዘር የተጣመረበት፣ እሱም የወጣው ከዚያው ከቀንበሩ ነው።

«በግራ በኩል ደግሞ ግማሽ አዚጎስ የምትባል አለች» ስላት ሳቋን ለቀቀችው።

«ግማሽ ብቸኛ ይኖራል እንዴ?»

«ይኖራል! ቆይ እደጊ፣ ታውቂዋለሽ።»

እየሳቀች ወደ ስልኳ ተመለሰች። እኔ ግን ሐሳቤ ከኒሟ ሥር ተነሥቶ የአባቴ ማሳ ድረስ ሄደ።

ቃሉን መጀመሪያ የሰማሁት ደሴ፣ ነርስነት ስማር ነው። የቆላ ልጅ ደሴ ስትገባ ምን እንደምትሆን የገባ ያውቀዋል። ብርዱ አጥንት ይሰብራል፤ ሌሎቹ ልጆች በቀዝቃዛ ውኃ ታጥበው ሲዘፍኑ እኔ ብርድ ልብስ ተከናንቤ የሮቢትን ፀሐይ እያልኩ አለቅሳለሁ። አንድ ቀን የአናቶሚ አስተማሪያችን አዚጎስን ሰሌዳው ላይ ጻፈና «ከመካከላችሁ ቀንበር አይቶ የሚያውቅ አለ?» ብሎ ጠየቀ። ግማሹ ክፍል ገበሬ የወለደው ነው፤ ግን ማን ከተማ ገብቶ ገበሬነቱን ያምናል? እጄን ያወጣሁት እኔ ብቻ ነበርኩ። ወደ ፊት ወጥቼ በሬ እንዴት እንደሚጠመድ፣ አንገቱን የሚይዘው ማነቆ የት እንደሚገባ በእጄ እያሳየሁ አስረዳሁ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ስሜ አዚጎስ ሆነ። «አዚጎስ፣ ምሳ ደርሷል!» ይሉኛል። ስቄ አሳልፈዋለሁ፤ ግን ብቻዬን ስሆን በልኬ ሰፍተው ያለበሱኝ ይመስለኝ ነበር።

ክረምት ሲገባ ወደ ቤት ተመለስኩ። ካራቆሬን አልፎ አውቶቡሱ ወደ ሮቢት ሲወርድ ያ የማውቀው ሙቀት በመስኮቱ ገብቶ ፊቴን ሲመታኝ ደስታው! ከከተማ ወደ መንደራችን በእግር ነው። እናቴ በልጅነቴ ስለሞተች ቤቱ ውስጥ የነበርነው እኔና አባቴ ብቻ ነን። አባቴ ወልዴ ይባላል፤ ዝምተኛ ሰው ነበር፤ ያለው በሬም አንድ ነው፣ ወይኖ የሚባል። ከሸለቆው ማዶ ያሉት ጎረቤታችን አባባ ሁሴንም አንድ በሬ ነበራቸው፤ የሳቸው ቡሬ ይባላል። ሁለቱ መቀናጀት የጀመሩት እኔ ሳልወለድ ነው።

መቀናጆ ለማያውቅ ሰው ነገሩ ቀላል ነው። አንድ በሬ ብቻውን አያርስም። ስለዚህ ባለ አንድ በሬ ከሌላ ባለ አንድ በሬ ጋር ይቀናጅና ሁለቱን እየጠመዱ በተራ ያርሳሉ። የነአባቴ ተራ ግን ሰው ሁሉ የሚቀናበት ነበር። ዓርብ አባባ ሁሴን ጁምዓ ስላለባቸው በሬዎቹ የኛ ናቸው፤ እሑድ አባቴ ቤተ ክርስቲያን ስለሚሄድ የነሱ ናቸው። ሌላውን ቀን ይፈራረቁበታል። ሁለት ክርስቲያን ቢቀናጅ እሑድ፣ ሁለት ሙስሊም ቢቀናጅ ዓርብ፣ በሬው ሥራ ፈትቶ ይውል ነበር። ሁለቱ ሰዎች በሥራም አይለያዩም፤ ሲመሽም ከደጃችን ግራር ሥር አባባ ሁሴን ጫታቸውን ይዘው፣ አባቴ ባዶ እጁን፣ ጎን ለጎን ይቀመጣሉ። እናቴ ከሞተች በኋላ አባቴ ያለው ሰው እሳቸው ነበሩ።

ያን ዓመት ዝናቡ ጀምሮ ተወን። በግንቦት የተዘራው ማሽላ ጉልበት ሳይደርስ ጠወለገ። ዝናብ ያጠረው ቡቃያ ማሽላ ለከብት መርዝ መሆኑን የቆላ ሰው ሁሉ ያውቀዋል፤ ቢሆንም በሬ ሲርበው መካሪ የለውም። ዕለቱ ዓርብ ነበር፣ የኛ ተራ። አባቴ ለጤፍ የሚሆነውን መሬት ሲያርስ አርፍዶ፣ ፀሐይ ሲበረታ በሬዎቹን ፈታ። እኔ የማሽላ እንጀራ በማሾ ወጥ ይዤለት መጥቼ ነበር። እሱ አንገቱን ደፍቶ ሲበላ ቡሬ ሹልክ ብሎ ማሽላው ውስጥ ገባ። ደርሰን ስናባርረው የበላውን በልቷል። ጥቂት ቆይቶ አፉ አረፋ ደፈቀ፤ ትንፋሹ አጠረው፤ የፊት ጉልበቱ ተንበረከከ።

አባቴ ቢላውን መዘዘ። ከዚያ ቀጥ ብሎ ቆመ።

በኛ አገር ክርስቲያንና ሙስሊም አብሮ ያርሳል፣ አብሮ ያዝናል፣ ቀባሪና ተቀባሪ ነው። ሥጋ ብቻ ለየብቻ ነው። ክርስቲያን ያረደውን ሙስሊም አይበላም፤ ሙስሊም ያረደውንም ክርስቲያን አይነካም።

«በሬው የሁሴን ነው፤ በኔ እጅ ከታረደ ለልጆቹ ጥንብ ነው» አለኝ አባቴ። «ሩጪ አስካለ! ሁሴንን ጥሪው። እሱን ካጣሽ ማንም ሙስሊም ይምጣ፤ ቢስሚላህ ብሎ ይረደው!»

ሮጥኩ። ሸለቆውን ተሻግሬ መስጊዱ አጥር ስደርስ ሶላት ተጀምሯል። በበሩ ቀዳዳ የወንዶቹ ጀርባ በረድፍ ጎንበስ ቀና ሲል ይታየኛል። በዚያ ሰዓት ከመስጊድ ውጭ የቀረ ሙስሊም ወንድ በመንደሩ አልነበረም። በሶላት ላይ ያለን ሰው ማን ይጣራል? አጥሩን ይዤ ላቤ እየወረደ ቆምኩ። ሲወጡ አባባ ሁሴን ገና ሲያዩኝ ፊቴ ነገራቸው፤ ጫማቸውን እንኳ ሳያጠልቁ ሮጡ። ስንደርስ ቡሬ ሞቷል። አባቴ ቢላውን ጭኑ ላይ አድርጎ ከራስጌው ተቀምጧል። እኔን ማንም አልወቀሰኝም፤ እኔም ራሴን አልወቅስም።

አባባ ሁሴን በሬውን አዩ፤ ቢላውን አዩ።

«ወልዴ፣ ቢላ በእጅህ እያለ?» አሉት።

አባቴ ቢላውን ወደ ሰገባው መለሰ። አባባ ሁሴንም ፊታቸውን አዙረው ሄዱ።

መንደሩ ወሬውን ያዘው። ቶሎ ቢታረድ ኖሮ ክርስቲያኖቹ ሥጋውን ይካፈሉት ነበር፤ ለሁሴንም ቢያንስ ወይፈን መግዣ ይወጣው ነበር፤ ወልዴ ካረድኩት ዋጋውን ክፈል እባላለሁ ብሎ፣ ዕዳ ውስጥ ላለመግባት እጁን ሰበሰበ፣ እየተባለ ተወራ። አባባ ሁሴንም እንደዚያው አስበዋል። ወይ ጉድ! አንዱ ለሌላው ልጆች ሲሳሳ በሬው ሜዳ ላይ ቀረ።

«ለምን አትነግራቸውም?» አልኩት አባቴን።

«ምን ብዬ? በሬውን አስገድዬበት ደግሞ ላንተ ብዬ ነው ልበለው? ሐፍረትም የለኝ እንዴ? በዚህ ነገር እንዳትገቢ።»

በማግሥቱ ወይኖን እየጎተተ ወስዶ አባባ ሁሴን ደጅ ላይ አሰረው። በሬው ሳይመሽ ተመልሶ መጣ። «ያንተን በሬ ወስጄ አንተን ጦምህን ላሳድርህ?» ብለው ነበር የላኩት። ከዚያ በኋላ ሁለቱ አልተጠያየቁም። ግራሯ ሥር የሚቀመጥ ጠፋ። አባቴ ራቱን ሲበላ ፊቱ ወደ ሸለቆው ነው፤ ጉርሻው በእጁ እንዳለ ይረሳዋል። ያ የቀረው ዝናብ ደግሞ፣ የክፋቱ ክፋት፣ ያኔ መጣ! ቀን ከሌት ወረደ። በግማሽ የታረሰው መሬታችን ሣር ለበሰ፤ ማዶም እንደዚያው። ወይኖ ችካሉ ላይ ሆኖ ወደ ማዶ ያገሣል። እኔ ደሴ ላይ የወጣልኝን ስም እያሰብኩ አባቴን አየዋለሁ፤ አንጀቴን በላኝ።

ነሐሴ ሲገባ አልቻልኩም። አትግቢ ላለኝ እሺ ብዬ ነበር፤ እግሬ ግን ማዶ ተሻገረ። አባባ ሁሴን አጥር ሲያጥሩ አገኘኋቸው።

«አባባ ሁሴን፣ አባቴ ያላረደው ለርስዎ ብሎ ነው» አልኳቸው፣ ሰላምታም ሳላስቀድም። «በኔ እጅ ከታረደ ልጆቹ አይበሉትም አለ። መስጊድ የሮጥኩት ለዚያ ነው። ቢላውን ይዞ የተቀመጠው እርስዎን ሲጠብቅ ነው።»

የያዙት እሾህ ከእጃቸው ወደቀ።

«እኔን ሲጠብቅ?»

«አዎ።»

«ያ ረቢ! እኔ እኮ...» አሉና እዚያው መሬት ላይ ቁጭ አሉ። መጀመሪያ ሳቁ። ከዚያ በሽርጣቸው ጫፍ ዓይናቸውን ሸፈኑ። ትልቅ ሰው ሲያለቅስ ያየሁት ያን ቀን ነው፤ የት እንደምገባ ጠፋኝ።

በዚያው ዕለት ፀሐይ ሲያዘቀዝቅ ጫታቸውን ይዘው መጡ። አባቴ ሲያያቸው ከተቀመጠበት ብድግ አለ። «ለምን አልነገርከኝም?» አሉት። «ምን ብዬ?» አላቸው። አለቀ፤ ዳግመኛ አላነሱትም። ጎን ለጎን ተቀመጡ፤ እኔም ጓዳ ገብቼ ደስታዬን ብቻዬን አለቀስኩ።

ግን የዘር ጊዜ አልፎ ነበር። ደግሞም አሁን ለሁለት ሰው ያለው አንድ በሬ ነው። አባባ ሁሴን አሊዩ አምባ የሚነግድ ትልቅ ልጅ ነበራቸው፤ ታናናሾቼን ይዘው ይምጡ ብሎ ላከባቸው። መስከረም ሲጠባ ጓዛቸውን አህያ ላይ ጫኑ። ከሰው ውኃ እንኳ ለምኖ የማያውቀው አባቴ፣ የአህያውን ገመድ ይዞ «ሁሴን፣ አትሂድ» አላቸው።

«በሬ የሌለው ገበሬ ምን ልሁን ብሎ ይቀመጣል፣ ወልዴ?»

«ወይኖ አለ።»

«ወይኖማ አንድ ነው።»

ተቃቅፈው ተለያዩ። እኔ ባልናገር ኖሮ ተኳርፈው ይለያዩ ነበር፤ ተናግሬ ተዋደው ተለያዩ። የትኛው ለአባቴ ይሻለው እንደነበር እስከ ዛሬ አላውቅም።

ከጥቂት ቀናት በኋላ እኔም ወደ ደሴ ተመለስኩ። አውቶቡሱ ሲነሣ አባቴ መንገዱ ዳር ቆሞ ነበር፤ ምን እያሰበ እንደነበር ለመገመት አልደፈርኩም። በሚቀጥለው ዓመት ከአንድ ክርስቲያን ጎረቤት ጋር ተቀናጀ። ደግ ሰው ነው፣ ወይኖም ሳያስቸግር ተጠመደ። እሑድ ብቻ በሬዎቹ ቆመው ይውላሉ። አባቴ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለስ በማዶ በኩል ይዞር ነበር፤ በዚያ ምን መንገድ አለህ ብዬ ጠይቄው አላውቅም። ለእረፍት በመጣሁ ቁጥር «በአሊዩ አምባ በኩል የመጣ ሰው አላገኘሽም?» ይለኛል። ከደሴ እንደምመጣ፣ አሊዩ አምባ በተቃራኒው እንደሆነ ከኔ በላይ ያውቃል። አንድም ቀን ናፈቀኝ አላለም። ሁለቱም ሳይገናኙ ሞቱ።

እኔም አላገባሁም። ለምን እንደሆነ ሲጠይቁኝ አንዴ ሥራ እላለሁ፣ አንዴ ዕድል እላለሁ፤ የትኛውም ሙሉ እውነት አይደለም። ብዙ ሰው አስተምሬያለሁ፤ ብዙ አዋልጃለሁ። ማታ የቤቴን በር ስቆልፍ ግን የቁልፉ ድምፅ ይሰማኛል።

መብራት መጣ፤ ሰፈሩ በሙሉ እልል አለ። ሀያት ስልኳን ይዛ ተነሣች።

«አሁን ገባኝ እትዬ። አዚጎስ ማለት ብቸኛ ማለት ነው፣ አይደል?»

«አይደለም» አልኳት። «ሥራዋን እኮ አታቆምም። ትልቁ ደም መልስ ቢዘጋ እንኳ ደሙ በሷ አድርጎ ወደ ልብ ይደርሳል። አብሯት የሚጎትት የለም እንጂ።»

«ፈተና ላይ እንደዚህ ብዬ ልጻፈው?»

«እንዳትጽፊው፣ ይጥሉሻል!»

ሳቀችና ወደ ግቢው በር ሄደች። ቤቴ ውስጥ ቬንትሌተሩ መዞር ጀምሯል፤ ገብቼ መተኛት እችል ነበር። አልተነሣሁም።

«ሀያት!» ብዬ ጠራኋት። «ያልገባሽ ቃል ካለ ነገም ነይ።»

«እሺ እትዬ።»

«የገባሽም ከሆነ ነይ።»

ቀልድ መስሏት እየሳቀች ወጣች።