ያልተሸፈነው ድምፅ

ከልጅነታችን አጥርቼ የማስታውሰው የጎረቤታችንን የልብስ ሰፊዋን የስፌት መኪና ድምፅ ነው። ቀስ ብሎ ሲሄድ ይቆይና ድንገት ይጋልባል፤ ከዚያ እግሩን እንደሚጎትት ሰው እያነከሰ ያርፋል። የተማሪ ቤት ልብሳችን ሁሉ የተሰፋው በእሱ ነበርና የሰፈሩ ልጆች ከሩቅ እንለየው ነበር። ለምን እንደሚጋልብ ግን ማናችንም አናውቅም።

ያወቀው ታናሽ ወንድሜ ነው። አድጎ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ሆነ፤ ቀጣሪም ደጋፊም የሌለው፣ ካሜራውን አንግቶ ሰው የሚሸሸውን ወሬ የሚያስወራ። ሚስቱን ስለሚደበድብ የተከበረ መምህር ፊልም ከሠራ ወዲህ ሰፈሩ «ገበና» የሚል ስም አወጣለት። «በራችሁን ዝጉ፣ ገበና መጣ» ሲሉት፣ «ዝጉት፤ እኔ የምገባው በመስኮት ነው» እያለ ይስቅ ነበር።

በኋላ የአእምሮ ሕመም ያለባቸውን ልጆቻቸውን በጓዳ የደበቁ ወላጆችን መፈለግ ጀመረ። አንዷ ልብስ ሰፊዋ ሆነው ተገኙ። ልጃቸው ሲጮህ ጎረቤት እንዳይሰማ የመኪናውን መርገጫ አጥብቀው ይረግጡ ኖሯል። ወንድሜ «በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም፣ እትዬ» እያለ ደጅ ጠናቸው። ፊታቸው እንዳይታይ፣ ድምፃቸውም እንዲለወጥ ቃል አስገብተው እሺ አሉት።

ቃሉን ጠበቀ። ፊታቸውን በጥላ ሸፈነ፤ ድምፃቸውን አጎረነነው። የመኪናውን ድምፅ ግን አልነካውም፤ ያለ እሱ ፊልሙ ዲዳ ይሆንብኛል አለ። ለሕዝብ ከማቅረቡ በፊት ለባለጉዳዩ ማሳየት ልማዱ ነበር። እሳቸው ግን ራሳቸውን ማየት እንደማይፈልጉ፣ ቃሉ እንደሚበቃቸው ነግረው መለሱት።

ፊልሙ በሰፈራችን አዳራሽ ታየ። በጨለማው ውስጥ መኪናው መጋለብ ሲጀምር፣ ከኋላዬ አንዲት ሴት ስማቸውን ጠራች። ሹክሹክታው ከወንበር ወንበር ዘለለ። የወንድሜ ፊት አመድ መሰለ።

ከዚያ በኋላ ሰው ለስፌት የሰጣቸውን ጨርቅ መልሶ ወሰደ፤ ሕመሙ በክር የሚተላለፍ ይመስል። መኪናው ዝም ሲል የልጁ ጩኸት አጥር ተሻግሮ ይሰማ ጀመር። የሰፈሩ ልጆችም በእትዬ ጣሪያ ላይ ድንጋይ መወርወር ለመዱ።

አንድ ከሰዓት በኋላ የወንድሜን ልብስ እያጣጠፍኩ ሳለ እትዬ ገቡ። ወንድሜ ይቅርታ መጠየቅ ሊጀምር ሲል በእጃቸው አስቆሙትና ፊልሙን እንዲያሳያቸው ጠየቁት። ቁጭ ብለው አዩ። የገዛ መኪናቸው ሲጋልብ ግን እግራቸው ሳይታወቃቸው ከወንበሩ ሥር ወለሉን ይረግጥ ነበር።

ሲያልቅ ወንድሜ የመኪናውን ድምፅ ዛሬውኑ ቆርጦ እንደሚያወጣው፣ ፊልሙንም ዳግመኛ ለማንም እንደማያሳይ እየተንተባተበ ነገራቸው።

«የኔ ልጅ» አሉት ቁጣ በሌለው አንደበት፣ «ይኸው በሽታዬን አልደበቅኩም። መድኃኒቱ የታለ?»

ወንድሜ ወደ እኔ ዞረ። እኔ ያጣጠፍኩትን ሸሚዝ ፈትቼ እንደገና ማጣጠፍ ያዝኩ። ከጓሮ በኩል የልጃቸው ጩኸት ተሰማ። እትዬ ሻሻቸውን አጠበቁ፤ ከወንበሩ ተነሥተው፣ ደኅና ዋሉም ሳይሉን ወጡ።