የየትኛው በር በረኛ

ደርግ በወደቀ በሦስተኛው ዓመት ኮምቦልቻ ያለ አንድ ፋብሪካ ለእግር ኳስ ቡድኑ ቀጠረኝ። ሥራዬ ጎል መጠበቅ ብቻ ሆኖ እንደ ሠራተኛው ተሰልፌ ደመወዝ እቀበል ነበር። እኛ ደሴ ሰፈር ኳስ ተጫውቶ የሚከፈለው ሰው ከዚያ በፊት አይቼ አላውቅም። በቅጥር ደብዳቤዬ ላይ፣ የሥራ መደብ ከሚለው ፊት ለፊት፣ አንዲት ቃል ብቻ ተጽፋለች፦ «በረኛ»።

እናቴ ደብዳቤውን ጎረቤት አስነብባ፣ «አልሐምዱሊላህ፣ ልጄ የፋብሪካ በር ጠባቂ ሆነልኝ» እያለች ሰኞ ገበያ ሙሉ አወራች። የኳስ ነው ብላት አላመነችም።

«ወላሂ፣ ለጨዋታ ደመወዝ የሚከፍል የለም! አትዋሸኝ።»

የታወቅሁት በቀኝ እጄ ነው። ኳስ ከያዝኩ ከመሀል ሜዳ አሻግሬ እወረውር ነበር። በሁለተኛው ዓመት ግን ልምምድ ላይ ከአጥቂ ጋር ተጋጭቼ ወደቅሁና ትከሻዬ ወለቀ። ማንም ሳያይ የጎሉን ብረት ተደግፌ ራሴ መለስኩት። በላብ ያጠመቀኝ ሕመሙ አልነበረም፤ አሠልጣኙ አይቶኝ ይሆን የሚለው ሐሳብ ነው። መወርወር የማይችል በረኛ ምን ያደርግላቸዋል? ያባርሩኛል ብዬ ፈራሁ። ከእኔ ደመወዝ በቀር ቤታችን የሚገባ ነገር አልነበረም።

የቡድኑን ወጌሻ ሸሽቼ ደሴ ወጣሁና አንድ ሽማግሌ ወጌሻ ዘንድ ሄድኩ። ትከሻዬን በቅቤ አሹልኝ።

«አባቴ፣ ይድናል እንዴ?»

«ለመጉረስ ይበቃሃል። ኳሱን ግን እርሳው ልጄ።»

ለማንም አልተናገርኩም። ከዚያ በኋላ ያለውን ስምንት ወር በፍርሃት ኖርኩት። አሠልጣኙ «ወርውር እንጂ!» ሲለኝ ነፋሱን ሰበብ አድርጌ በእግሬ እመታለሁ። ጨዋታ እሑድ ስለሆነ ቅዳሜ ቅዳሜ እህል አልወርድ ይለኛል። ሰው ለሰላምታ ትከሻዬን ቸብ ሲያደርገኝ ክው እላለሁ። ተመልካቹ ደፋር ይለኝ ነበር፣ ጉዴን ሳያውቅ።

አንድ እሑድ ከደሴ ቡድን ጋር ስንጫወት አንድ ኳስ በቀኜ በኩል ቀስ ብሎ መጣ። ሕፃን የሚይዘው ኳስ ነው። እጄ እምቢ ያለኝ እንዳይመስላችሁ፤ ይወልቃል ብዬ ፈርቼ አላነሳሁትም። ኳሱ አጠገቤ አልፎ ገባ። ከተመልካቹ አንዱ «ተሽጧል!» ብሎ ጮኸ።

በማግስቱ አስተዳደር ቢሮ ተጠራሁ። አሠልጣኙ «ጉቦ በልተሃል» አለኝ። ሌባ ከምባል ብዬ ሸሚዜን አውልቄ ትከሻዬን አሳየሁና ሁሉንም ተናገርኩ። አሁንስ አለቀልኝ ብዬ መሬት መሬት አያለሁ። የአስተዳደር ኃላፊዋ ዶሴዬን አስወጡ፤ ደብዳቤዬን አነበቡት፤ ደግመው አነበቡት።

«እዚህ ላይ በረኛ ነው የሚለው» አሉ ለአሠልጣኙ። «የኳስ አይልም።» ወደ እኔም ዞረው፣ «ነገ ጠዋት ዋናው በር ላይ ተገኝ» አሉኝ።

እናቴ ስትሰማ፣ «ድሮስ ምን አልኩህ?» አለችኝ።

በሚቀጥለው እሑድ የቡድኑ አውቶቡስ ወደ ደሴ ሊወጣ ጥሩምባ ነፋ። ከባዱን የብረት በር በግራ እጄ ገፍቼ ከፈትኩለት። አዲሱ በረኛ ጓንቴን አጥልቆ በመስኮት በኩል ተቀምጧል። ሲያየኝ እጁን አውለበለበልኝ። እኔም ቀኝ እጄን ላነሳለት አልኩና ፈራሁ።