ልጅቱ ከትንፋሿ በኋላ ያለችው

ሥራዬ የሰው ንግግር ማሳጠር ነበር። ካሜራማኑ ከየገጠሩ ቀርጾ የሚያመጣውን የሰዓታት ምስል አዲስ አበባ ቁጭ ብዬ ወደ ሃያ ደቂቃ አወርደዋለሁ። ስለ ጠለፋ ሠርቻለሁ፤ ስለ መጸዳጃ ቤት ጥቅምም ሠርቻለሁ። የተሸለመው የመጸዳጃ ቤቱ ነው።

በሕገወጥ ስደት ላይ የሠራነው ፊልም ውስጥ ከሳውዲ የተመለሰች የመካነ ሰላም አካባቢ ልጅ ነበረች። "በጣም ተሰቃይቻለሁ" ትልና በረጅሙ ትተነፍሳለች። ቀጥላ ደግሞ "ግን ተመልሼ እሄዳለሁ" ትላለች። ያሠራን ድርጅት ይህን መስማት እንደማይፈልግ ስለማውቅ ትንፋሿ ላይ ቆረጥኳት። ከሥሩ ዋሽንት ጨመርኩበት።

ፊልሙ መካነ ሰላም አዳራሽ ሲታይ፣ ማጫወቻው ቢበላሽ እንድጠግን ተላክሁ። አልተበላሸም። ሰው ተበትኖ ገመዶቼን ስጠቀልል አንዲት እናት መጥተው አጠገቤ ቆሙ።

"የልጅቱ እናት ነኝ። የሠራሽው አንቺ ነሽ አሉኝ።"

"አዎ፣ እናቴ። እሷስ አልመጣችም?"

"ሄደችኮ! ወር አለፋት።"

የያዝኩትን ገመድ አስቀመጥኩ።

"የተቀረጸች ቀን እኔም ነበርኩ። ብዙ ነው ያወራችው። የት አደረግሽው?"

"ስለረዘመ ቆረጥኩት።"

"ጣልሽው?"

አልጣልኩትም፤ ላፕቶፔ ውስጥ ነበር። አግዳሚው ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠን ከፈትኩላቸው። ልጅቱ ውሃ ትጠጣለች። ካሜራማኑን "እህል ቀምሰሃል?" ትለዋለች። "እማ፣ ዞር በይ፣ ካሜራው ውስጥ ገባሽ!" ብላ ትስቃለች። ከዚያ ያ ትንፋሽ መጣ።

"ግን ተመልሼ እሄዳለሁ። ታናሼን ግን አልሰዳትም። እሷ ትማራለች፤ የኔ መሄድ ለሷው ነው።"

ይህን የመጨረሻውን ሰምቼው አላውቅም ነበር። "እሄዳለሁ" ስትል መቀሴን አንስቼ ጨርሻለሁ።

እናትየው አላለቀሱም። የምትስቅበትን ቦታ ሦስት ጊዜ አስመለሱኝ። ዓይኔን የጠረግሁት እኔ ነኝ። "አብሽሪ፣ ልጄ" አሉኝ፣ ጀርባዬን መታ መታ እያደረጉ።

ያልተቆረጠ ጥሬ ምስል ለሰው መስጠት ክልክል ነበር። በማግስቱ ታናሽየዋ ስልኳን ይዛ ስትመጣ ግን ምስሉን ጫንኩላት።

ከሳምንታት በኋላ ታናሽየዋ ደወለችልኝ። እህቷ ምስሉን ሪያድ ሆና አይታዋለች።

"ምን አለች?" አልኳት።

"ተቆጣች። 'ሂጃቤ ያን ያህል ተጣሞ ሳለ፣ ወላሂ፣ አንድ ሰው እንኳ አይነግረኝም?' ነው ያለችው።"