በኩሽናዬ መስኮት የገባው ገመድ

ባለፈው ቅዳሜ የእህቴ ባል አዲሷን የኤሌክትሪክ መኪናውን እየነዳ ከአሌክሳንድሪያ እኔ እስከምኖርበት ሲልቨር ስፕሪንግ ድረስ መጣ። ሰላምታውን ሳይጨርስ የባትሪ መሙያ ገመዱን በኩሽናዬ መስኮት አስገብቶ ሰካው። ፊት ለፊት ጋሼ ታምሩ፣ እርስዎ እለዋለሁ፤ ወረቀት ላይ ግን የሚያስገድደኝ የለም።

እንዲህ ያለ መኪና ከዚህ በፊት ታይቶ እንደማይታወቅ ለልጅ ልጄ ለሶስና ሲያስረዳት፣ ጎመን እየከተፍኩ ሰማሁት።

ድሮ ነው፤ ሃያ ሦስት ዓመቴ ነበር። የምኖረው እሱና እህቴ ቤት፣ የማድረው ሳሎን ሶፋ ላይ። ቅዳሜ ቅዳሜ የመኪና ጥገና እማራለሁ፤ ከክፍሉ ሴት እኔ ብቻ ነኝ። በዚያ ሰዓት አውቶቡስ ስለሌለ የሚያደርሰኝ እሱ ነው። የመጨረሻው ፈተና ስለ መጀመሪያዎቹ መኪናዎች ክፍል ፊት ቆሞ ማስረዳት ነበር። ላይብረሪ ገብቼ አነበብኩ። ለካ መኪና ገና ሲጀመር በባትሪ የሚሄዱ መኪናዎች መንገዱን ሞልተውት ኖሯል። የቤንዚኑን ለማስነሳት ከፊቱ ብረት ሰክቶ በእጅ ማዞር ግድ ነበር፤ ብረቱ ሲመልስ ክንድ ይሰብራል። ሴቶች የኤሌክትሪኩን መረጡ። በኋላ ለቤንዚኑም በባትሪ የሚያስነሳ ሞተሪኖ ተገጠመለትና የኤሌክትሪኩ ተረሳ።

ፈተናው ሊደርስ ሲል፣ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ እንግዶች መጡ። እጅ እያስታጠብኩ ይህንኑ አወራሁላቸው። ሁሉም ወደ እኔ ዞረው ሲያዳምጡ ጋሼ ታምሩ ጨዋታውን የነጠቅሁት መሰለው።

"የመኪና ባትሪ ሬዲዮ እንኳ አያዘልቅ፤ ሰው ሊጭን ነው?" አለ። እንግዳው ሁሉ በሳቅ ፈረሰ።

"መጽሐፉን ላሳይዎት፣ ጋሼ" አልኩ፣ ማስታጠቢያውን እንደያዝኩ።

ሳቁ ቆመ። በእንግዳ ፊት መልስ መስጠቴ ነው ጥፋቴ።

የፈተናው ቅዳሜ በረዶ ጥሎ ነጋ። ኮቴን ለብሼ በር ላይ ስጠብቀው፣ ከአልጋው ሳይወርድ "ኤሌክትሪኳ መኪናሽ ታድርስሽ" አለኝ። በእግሬ ሄድኩ። ጫማዬ ርሶ ስደርስ ክፍሉ ተዘግቷል። ትምህርቱ በዚያው ቀረ፤ ዕድሜዬን የሆቴል አንሶላ ስተኩስ ፈጀሁት። እህቴ ዛሬም አታማሪ ትለኛለች። አማርራለሁ።

ባለፈው ቅዳሜ ሶስና ከስልኳ በእንግሊዝኛ አነበበችለት፦ የኤሌክትሪክ መኪና ከመቶ ዓመት በፊትም ነበር። ቢላዬን አስቀምጬ ፊቱን አየሁ።

"እኔ እኮ ድሮ ለአያትሽ ነግሬያት ነበር" አላት። "ሳቀችብኝ።" ወደ እኔ ዞረ፦ "አታስታውሺም አንቺ?"

"አስታውሳለሁ፣ ጋሼ።"

ጭራሽ ቢረሳው እሺ ባልኩ። እሱ ግን ቦታ ለዋውጦ ነው የያዘው፦ አዋቂው እሱ፣ የሳቅሁት እኔ። ይህን ስንት ቤት እንዳወራው ማን ያውቃል።

ብርድ ገብቶ ነበርና ገመዱን ነቅዬ መስኮቱን ዘጋሁ። ባትሪው አሌክሳንድሪያ የሚያደርሰውን ያህል ይሙላ አይሙላ አልጠየቅሁም። የሚያረፍድበት ፈተና የለው።