አልታየች አልቀምስም ያለችው ድስት

አልታየች ከአረርቲ በታች ካለው ቆላ ተድራ የመጣች ሴት ነበረች። ባሏ ታመነ ከአሊዩ አምባ ገበያ ቁልቁል በምትገኝ ትንሽ መንደር ጥቂት የማሽላ መሬት ነበረው። በተጋቡ በጥቂት ዓመት እሱን ንዳድ ወሰደው፤ ልጅም አልወለዱም። ሰው ሁሉ ወደ አገሯ ትመለሳለች ብሎ ሲጠብቅ እሷ እዚያው ቀረች። መንደሩ ይህን አልወደደላትም። ዘመድ የሌላትን ሴት እዚህ ምን አስቀራት? ይባል ጀመር።

ጠዋት ጠዋት ቅርጫቷን ይዛ ወደ በረሃው ትወርዳለች። ስትመለስ በነጠላዋ ትሸፍነዋለች። ሽፋኑ ቅጠሉ በፀሐይ እንዳይጠወልግ ነበር፤ መንደሩ ግን ሰው እንዳያይባት ነው አለ። ቅጠል ስታገኝ ወዲያው አትቀጥፍም፤ በጣቷ ታሸዋለች፣ ታሸተዋለች፣ ከምላሷ ጫፍ አስነክታ ትተፋዋለች። የጠፋ በሬ ፍለጋ የወጣ አንድ ሰው ይህን ከሩቅ አይቶ፣ «ሴትዮዋ ከቅጠል ጋር ታወራለች» ብሎ መጣ። ወሬው ከሱ በኋላ ብቻውን እየሰፋ ሄደ።

በ፲፱፻፶፯ ዓ.ም. ክረምት ዝናቡ ሐምሌ ላይ ጣል ጣል አደረገና ቀረ። ማሽላው ጉልበት ሳይደርስ ደረቀ። ሰው ለዘር ያስቀመጠውን መብላት ጀመረ። ከብዙ ቤት ጭስ ሲጠፋ ከአልታየች ጎጆ ግን አልጠፋም።

ይህን ከሁሉ ይበልጥ የምትከታተለው ጎረቤቷ እናናየሁ ነበረች። በአጥሩ ቀዳዳ ስታያት ትውልና ባሏን የሺጥላን፣ «እህል ቀብራለች። ታመነ ሳይሞት ጉድጓድ ቆፍሮ መሆን አለበት» ትለዋለች።

አንድ ቀን እናናየሁ፣ አልታየች ስትወጣ ጠብቃ፣ ጎጆዋ ገባች። ወለሉን በእንጨት እየመታች ጉድጓድ ፈለገች። ያገኘችው የደረቀ የቁርቁራ ፍሬ፣ ምሬቱ እንዲወጣ ውሃ ውስጥ የተነከረ የበደኖ ፍሬ፣ በገመድ ላይ የተሰጣ ቅጠል ብቻ ነበር። ሰው ይህን በልቶ ይኖራል ብላ አላመነችም። ለአንድ ነገር የተዘጋጀ መድኃኒት መሰላት፤ ደንግጣ ወጣች።

ረሀቡ ሲጠና ግን ፍርሃቷን አሸነፈው። አልታየችን ከኋላ ከኋላ ተከተለቻት። አልታየች ሰው የተወው አሮጌ የከብት በረት ውስጥ ገብታ፣ ፍጉ ላይ ከበቀለው ቅጠል እየመረጠች አሉማ የሚባለውን የዱር ጎመን ቀጠፈችና ሄደች። አንዳንዱን ለምለም ቅጠል ሳትነካው ነበር ያለፈችው። እናናየሁ፣ «ደህና ደህናውን ለነገ አስቀመጠችው» አለች በልቧ። የተረፈውን አሉማ፣ ያንን ለምለሙንም ጨምራ፣ ነጠላዋን ሞልታ ተመለሰች።

ቀቀለችውና ለየሺጥላ አቀረበች። «ከየት አመጣሽው?» ሲላት፣ «ከአልታየች ጓዳ ነው በለው» አለችው እየሳቀች። እሱ ጠግቦ በላ፤ እሷ ገና እጇን ሳትሰድ ፊቱ ቀላ። አፌ ደረቀ አለ። ዓይኑ ፈጠጠ፤ የሌለ ነገር ከአየር ላይ ይለቅም ጀመር። ቀጥሎ መለፍለፍ መጣ።

«አልታየች መጣች! ያዟት፣ ቅጠሏን ይዛ መጣች!»

ጎረቤት ተሰበሰበ። ከዚያ በላይ ማስረጃ የፈለገ አልነበረም፤ ታማሚው የበላችውን ቡዳ በስሟ ጠርቷል። ጭቃ ሹሙ አቶ ገብረ ጻድቅ ሰው ልከው አልታየችን አስመጧት።

«እንትፍ በይበትና ልቀቂው» አሏት።

አልታየች ጎንበስ ብላ የየሺጥላን ዓይን አየች፤ ግንባሩን ዳሰሰች። ከዚያ ወደ እናናየሁ ዞራ፣ «ምን በላ?» አለቻት።

«ምንም» አለች እናናየሁ። ከማን ቦታ እንደለቀመች ለመናገር አፈረች።

ድስቱ ግን ከምድጃው አጠገብ ነበር። አቶ ገብረ ጻድቅ አይተውት፣ «ንጹሕ ከሆንሽ ከዚህ ቅመሺ!» አሏት።

አልታየች ድስቱን ብድግ አድርጋ አሸተተች፤ መልሳ አስቀመጠች። «አልቀምስም» አለች።

ሰዉ ተንጫጫ። «አያችሁ? መርዟን ታውቀዋለች!» አለ አንዱ። ሌላው በትሩን አነሣ።

«በትሩን ቆይ በሉትና ሲለቀም የተጣለውን አገዳ ከነቅጠሉ አምጡልኝ» አለች አልታየች። ከደጅ አመጡላት። ሁለት ቅጠል መርጣ መዳፏ ላይ ዘረጋች። «ይኼ አሉማ ነው፤ ጠርዙ ልሙጥ ነው፣ ይበላል። ይኼ አስተናግር ነው። ጠርዙን እዩት፣ እንደተቦጨቀ ነው፤ እሹትና አሽትቱት፣ ይከረፋል። የበላውን ሰው ያስለፈልፈዋል። ከኔ ስም ይልቅ የእናቱን ስም ቢጠራ ኖሮ እናቱን ልትደበድቡ ነበር?»

እናናየሁ ማልቀስ ጀመረች። «ከአሮጌው በረት ነው... አንቺ ከተውሽው» አለች።

«የተውኩት ስለማይበላ ነዋ!»

አቶ ገብረ ጻድቅ ቅጠሉን አሽተው ፊታቸውን አጨማደዱ። ልባቸው ግን አልረካም። «መርዙን ለይታ የምታውቅ፣ ሲያሻት ምን ታደርግበት ይሆን?» አሉ ለሰዉ። የሺጥላ እስኪነሣ ከዚህ ግቢ አትወጣም ብለው ፈረዱ።

አልታየች ከታማሚው አጠገብ ተቀመጠች። ተነሥቶ ወደ ገደሉ ሊሮጥ ሲል ሰዎቹን እንዲይዙት አደረገች፤ ውሃ በጥቂት በጥቂቱ አስጎነጨችው። ሰው ሁሉ እጇን ያያል፤ ኩባያውን በነካች ቁጥር መጀመሪያ ራሷ እንድትጠጣ ያዟታል። በማግስቱ ረፋድ ላይ የሺጥላ አንገቱን ቀና አድርጎ ዙሪያውን ያለውን ሰው ተመለከተ። «ማን ሞቶ ነው የተሰበሰባችሁት?» አለ። ማንን እንደጠራ ሲጠይቁት ምንም አላስታወሰም።

ሰዉ አንድ በአንድ ተበተነ። ይቅርታ ያላት አልነበረም።

ከጥቂት ቀን በኋላ እናናየሁ ከአጥሩ ውጭ ቆማ ቅጠል አሳየቻት። «ይኼስ?»

«ይበላል።»

«እስቲ መጀመሪያ ቅመሽልኝ።»

አልታየች ቀመሰች። በዚያ የበጋ ወራት መንደሩ ሁሉ እንዲሁ እየመጣ፣ እሷ ስታላምጥ ቆሞ እያየ፣ ከዚያ ይለቅማል። ማንም ከደጇ አልገባም። አንድ ጠዋት ግን እናናየሁ ቅጠል ስትዘረጋላት አልታየች አልተቀበለቻትም። «እኔን ከምታምኚ እጅሽንና አፍንጫሽን እመኚ» ብላ አጥሩን አልፋ ወጣችና ወደ በረሃው መንገድ ጀመረች። እናናየሁ ትንሽ አመነታች፤ ከዚያ ቅርጫቷን አንሥታ፣ ራቅ ብላ ተከተለቻት።

ዝናቡ ተመልሶ ማሽላው ፍሬ ሲይዝ ሌላው ሰው አሉማውንም እሷንም ተዋቸው። አቶ ገብረ ጻድቅ እስኪሞቱ ድረስ አራስ ቤት እንዳትገባ ይከለክሉ ነበር። እናናየሁ ግን በየዓመቱ ቅጠሉ ሲለመልም ከአልታየች ጋር ትወርዳለች። አልታየች ቀጥፋ የሰጠቻትን ሁሉ እሷ ራሷ እንደገና እያሸች ታሸተዋለች፤ አልታየች ደግሞ ቆማ ትጠብቃታለች።