የባለቤቴ ብዕር

ባለቤቴ ደሴ ፍርድ ቤት በር ላይ ማመልከቻ ጸሐፊ ነበር። እሱ ይነድፋል፤ የእጅ ጽሑፌ ስለሚያምር እኔ ቤት ሆኜ በንጹሕ ወረቀት እገለብጣለሁ። ኮምፒውተር ቤቶች ከተከፈቱ በኋላም የእኛን ብዕር የሚመርጥ ደንበኛ አልጠፋም።

ሲሞት እንደ ሃይማኖታችን የባል ሐዘን፣ ኢዳ ተቀመጥኩ፤ አራት ወር ከአሥር ቀን ከቤት ሳልወጣ። ልጃችን ኮምቦልቻ ነፍሰ ጡር ነበረች። አያቱን ሳያይ ለሚወለደው ልጅ ብዬ ስለ እሱ መጻፍ የጀመርኩት ያኔ ነው።

ኢዳዬ ሲያልቅ በሚኒባስ የሐረጎን ቁልቁለት ወርጄ ልጄ ዘንድ ሄድኩ። በረንዳው ላይ እግሯን ዘርግታ የጻፍኩትን ጮክ ብላ አነበበችው፦ «ሟች ባለቤቴ በሕይወት ዘመናቸው ቅን፣ ታታሪና ለቤተሰባቸው አሳቢ የነበሩ መሆናቸውን በትሕትና እየገለጽኩ...»

ሳቋ አመለጣት። «እማ፣ ይሄን ለየትኛው ችሎት ነው የምታስገቢው? ማኅተም ብቻ እኮ ነው የቀረው!»

«አባትሽ እንዲህ ነው የሚጽፈው» አልኳት ተቆጥቼ።

«አባቴማ አዎ። አንቺስ?»

እያንዳንዱን መስመር ስጽፍ፣ እንደ ድሮው አጠገቤ ቆሞ የሚያስጽፈኝ ይመስለኝ ነበር። የራሴን ቃል ካመጣሁ ትቶኝ የሚሄድ መሰለኝ። ይህንን ግን አልነገርኳትም። ዓይኔ እንባ ሲያቀር አይታ ሳቋን ዋጠችው።

«አብሽሪ፣ እማ። ልጄ ‹አያቴ እንዴት ያለ ሰው ነበር?› ቢልሽ የምትነግሪውን ጻፊው በቃ።»

ደሴ ተመልሼ ብዙ ቀን ወረቀቱን አልነካሁም። አንድ ከሰዓት በኋላ፣ ጉሙ ከጦሳ ተራራ ሲወርድ፣ እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦

«አያትህ ብርድ ይፈራ ነበር። ደሴ ተወልዶ ያደገ ሰው ሁለት ኮት ደርቦ ሲወጣ እያየሁ እስቅበታለሁ። እሱም በሩ ላይ ዞር ብሎ፣ ‹አንቺ ሴትዮ፣ ይሄን ብርድ የሚከሱበት ቢሮ ቢኖር ወላሂ ዛሬውኑ ማመልከቻ አስገባ ነበር› ይለኛል።»

ደግሜ አነበብኩት። እሱ እንዲህ አይጽፍም። በሕይወት ቢኖር ገና ከመጀመሪያው መስመር በቀይ እስክሪብቶ ይሰርዝልኝ ነበር፤ «ይሄ ይጻፋል እንዴ?» እያለ። የሚሰርዘው እጅ ናፈቀኝ። ትንሽ ጠበቅሁና ቀጣዩን መስመር ጀመርኩ።