በበቅሎ የተጣሉት የሬዲዮ ጓደኞች

ወንድሜ የመጨረሻዋን ደህና ቀን የዋለው ሽማግሌ ሲለምን ነው። ሚስት ሊያጭ አልነበረም። በሬዲዮ የተጣሉ ሁለት ጓደኞችን ሊያስታርቅ ነበር።

ልብስ ሰፊ ነበር፤ በከተማችን ፒያሳ፣ አንድ ሻይ ቤት በረንዳ ላይ። የሻይ ቤቱ ሬዲዮ በየቀኑ ተከታታይ ድራማ ያሰማል። አብረው ያደጉ ሁለት ጓደኞች በአንዲት በቅሎ ተጣልተው ክረምቱ አለፈ። ልክ ሊታረቁ ሲሉ ዋሽንት ይነፋል። ከዚያ አንድ ሰውዬ በለሰለሰ ድምፅ፣ «ውድ ወዳጆቻችን፣ ነገም አትለዩን» ይልና ስለ ሳሙና ያወራል። ወንድሜ ከስፌት መኪናው ብድግ ብሎ፣ «እግዜር ያክብራችሁ» ይላል። ሳሙናውንም ይገዛል፤ ወዳጅ ለምኖት እንዴት እንቢ ይበል? አልጋው ሥር የሳሙና ካብ ነበር።

የለመናቸው የንስሐ አባታችንንና ጎረቤታችንን የጨርቅ ነጋዴውን ሐጂን ነው።

«አዲስ አበባ፣ ሬዲዮ ጣቢያው ድረስ?» አሉ ሐጂ።

«የመሳፈሪያውን እኔ እችላለሁ። ነገ ማክሰኝት ገበያ ልብስ ሸጬ እመጣለሁ።»

«ልጄ፣ የእነዚያ ሰዎች እንጀራቸው ጠቡ ነው። ቢታረቁማ ሳሙናውን ማን ይገዛል?»

«ምነው ሐጂ! በቅሎዋ እኮ አርጅታ ልትሞት ነው!»

የንስሐ አባታችን ግን በቁም ነገር ጠየቁ። «በዳዩ የትኛው ነው?»

እኔ ሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ነኝ፤ ዝም ማለት አልቻልኩም። «አያ፣ ድርሰት እኮ ነው» አልኩት ወንድሜን።

«ድርሰት ከሆነማ ምን ቸገረ? እርቁን ይጻፉላቸዋ!»

 

በማግስቱ ከማክሰኝት ሲመለስ የተሳፈረበት የጭነት መኪና ተገለበጠ። ሬሳውን አመሻሽ ላይ አመጡልን። ይህን... ከዚህ በላይ መጻፍ አልቻልኩም።

ሲነጋ የሚያጥቡት ሰዎች ሳሙና ጠየቁኝ። ከአልጋው ሥር አንድ አውጥቼ ሰጠሁና ከለቀስተኛው መሃል ሾልኬ ወደ ሻይ ቤቱ ሄድኩ።

«ትናንት ታረቁ?» አልኩት ባለቤቱን።

ሰውዬው አንገቱን ደፋ። «ምን ይታረቃሉ! አንዱ እጁን ሲዘረጋ ዋሽንቱ ተነፋ።»

ተመለስኩ። ሊገንዙት ሲሉ ጎንበስ አልኩ። ሳሙና ሳሙና ይሸታል። በጆሮው፣ «ታርቀዋል፣ አያ» አልኩት። «በቅሎዋም ደህና ናት።»